በዘጠኝ ደቂቃ ህልም ውስጥ ሦስት ዓመት መኖር ይቻላል?

ጥያቄ፦ «ዶክተር፣ ጠዋት 12 ሰዓት ተኩል ላይ አላርሜ ሲጮህ ስኑዝ አድርጌው ተመልሼ ተኛሁ። ከዚያ ያየሁት ህልም እስካሁን አልለቀቀኝም። ሌላ ከተማ ሄጄ ሥራ ጀመርኩ፣ አገባሁ፣ ሴት ልጅ ወለድኩ፣ ልጄ ስትራመድ አየሁ። በትንሹ ሦስት ዓመት ኖሬያለሁ። አላርሙ እንደገና ሲጮህ ግን ያለፈው 9 ደቂቃ ብቻ ነው። ቀኑን ሙሉ ሰው እንደሞተበት ሆኜ ዋልኩ። ባለፈው ወር እንዲህ ያለ ነገር ሦስት ጊዜ ደርሶብኛል። አንድ ቪዲዮ ላይ ደግሞ በህልም ውስጥ አእምሮ በሃያ እጥፍ ይፈጥናል፣ የተለማመደ ሰው በአንድ ሌሊት የወር ትምህርት ይማራል ሲሉ ሰማሁ። ፈተና እየደረሰብኝ ነውና መለማመጃው ካለ ይንገሩኝ። አእምሮዬ እንዲህ መሮጡስ ቶሎ አያስረጀኝም?»

ምላሽ፦ ሦስት ዓመት አልኖሩም። አእምሮዎም አልሮጠም። የቪዲዮው ስሌት መሠረት የለውም፤ ስለዚህ ለፈተናው የሚሆን መለማመጃም የለኝም። ይህን አስቀድሜ የምናገረው ቀሪውን ሳያነቡ ዛሬ ማታ ሙከራ እንዳይጀምሩ ነው። ሐዘንዎ ግን እውነተኛ ነው። ወደ እሱ እመለሳለሁ።

መጀመሪያ 9ኙን ደቂቃ እንይ። ስኑዝ ካደረጉ በኋላ ያለፈው 9 ደቂቃ ነው ማለት ህልሙ የ9 ደቂቃ ነው ማለት አይደለም። የሌሊት እንቅልፍ በግምት 90 ደቂቃ በሚፈጁ ዙሮች የተከፈለ ነው። በየዙሩ መጨረሻ አካባቢ ዓይን ከሽፋኑ ሥር ወዲያ ወዲህ የሚሯሯጥበት፣ የሰውነት ጡንቻ ደግሞ ዝልፍልፍ የሚልበት ክፍል ይመጣል። እኛ ሬም እንለዋለን። ደማቅ ህልም በብዛት የሚታየው በዚህ ሰዓት ነው። የመጀመሪያው ሬም 10 ደቂቃ ቢሞላ ነው። ወደ ንጋት ያለው ግን ግማሽ ሰዓትና ከዚያም በላይ ሊቆይ ይችላል። አላርምዎ የጮኸው በዚህኛው መሃል ሳይሆን አይቀርም። ስኑዙን ተጭነው ዓይንዎን ሲከድኑ የተመለሱት እዚያው ወደነበሩበት ነው። ማታ እንደሚተኛ ሰው ከጥልቁ እንቅልፍ መጀመር አላስፈለገዎትም። እና ከታሪኩ ከፊሉን አላርሙ ከመጮኹ በፊት አልመውት ይሆናል። ሥራ የጀመሩት ቀድሞ፣ ልጅዎ የተራመደችው ከስኑዙ በኋላ ሊሆን ይችላል። ሲነቁ ሁለቱ ተጣብቀው አንድ ሆኑ፤ እርስዎም ሁሉንም ለ9ኙ ደቂቃ አስረከቡት።

እንዲህ ስል «እሺ፣ 9 ሳይሆን 30 ደቂቃ ይሁን፤ ሦስት ዓመት እኮ ነው» እንደሚሉኝ አውቃለሁ። ልክ ነዎት፤ በዚህ ብቻ አያልቅም።

ህልም በቅጽበት ዘመን ያሳልፋል የሚለው እምነት ከቪዲዮዎቹ በጣም ይቀድማል። ምሁራንንም አሳስቷል። በ19ኛው መቶ ዘመን አልፍሬድ ሞሪ የሚባል ፈረንሳዊ ነበር። አንድ ቀን ታሞ ተኝቶ፣ እናቱ አጠገቡ ተቀምጣ፣ ህልም ያያል። ዘመኑ የፈረንሳይ አብዮት ነው፤ ያ የሽብር ጊዜ። ሰው ሲገደል ያያል። ራሱም ችሎት ፊት ይቀርባል፣ ይፈረድበታል፣ በሕዝብ ተከብቦ ወደ መግደያው ይወሰዳል። የጊሎቲኑ ስለት ይወርዳል። አንገቱ ሲቀላ ተሰምቶት ባንኖ ተነሣ። ለካ የአልጋው ራስጌ ወድቆ አንገቱ ላይ አርፏል። ሞሪ ይህን በ1861 በታተመ መጽሐፉ ተረከው (ዓመታቱ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው)። አንባቢው በቀላሉ ደመደመ። ህልሙን ያመጣው የራስጌው ምት ከሆነ ያ ሁሉ ታሪክ ያለፈው በምቱና በመንቃቱ መካከል ባለች ሰከንድ ነው ተባለ።

ታሪኩ ያምራል። ችግሩ ሰዓት የያዘ ሰው አልነበረም። ሞሪ የጻፈው ከትዝታው ነው። ቀድሞውኑ ስለ አብዮቱ እያለመ ቆይቶ ምቱ መጨረሻውን ብቻ አምጥቶለት ሊሆን ይችላል። ምቱ ሌላ ህልም ላይ ቢያገኘው ኖሮ ስለት መሆኑ ይቀርና የተዘጋ በር ወይም የወደቀ ግንድ ይሆንለት ነበር። እንዲህ ያለውን ማስረጃ ዛሬ አንድ ተማሪ ይዞልኝ ቢመጣ «ቆጣሪው የታለ?» ብዬ እመልሰዋለሁ።

ቆጣሪው የመጣው በ1950ዎቹ ነው። በ1953 ዩጂን አሰሪንስኪና ናትናኤል ክላይትማን በቺካጎ ዩኒቨርሲቲ የሬም እንቅልፍን ለይተው አወጡ። ከዚያ ወዲህ ሰው መቼ ማለም እንደጀመረ ከውጭ ሆኖ መገመት ተቻለ። በ1957 ዊልያም ዴመንትና ክላይትማን ቀላል ነገር አደረጉ። ተኚዎቹን ሬም በጀመረ በ5 ወይም በ15 ደቂቃ እየቀሰቀሱ «ምን ያህል ያለምክ ይመስልሃል? አምስት ወይስ አሥራ አምስት?» ብለው ጠየቁ። ከ111 ጊዜ 92ቱን በትክክል መለሱ። እስቲ ያስቡት። ሰዎቹ ገና ከህልም እየተጎተቱ ነው፣ አፋቸው እንኳ በቅጡ አልተፈታም፤ ግን ያለሙበትን ጊዜ ያውቁታል። በህልም ውስጥ ዓመታት የሚያልፉ ቢሆን ኖሮ ይህ ግምት ድብልቅልቁ በወጣ ነበር።

በቀጣዩ ዓመት ዴመንት ከኤድዋርድ ዎልፐርት ጋር ሆኖ የሞሪን ታሪክ በቀጥታ የሚፈትን ሥራ ሠራ። ተኝተው እያለሙ ቆዳቸው ላይ ቀዝቃዛ ውሃ ይረጫል፤ ጥቂት ይጠበቃል፤ ከዚያ ይቀሰቀሳሉ። ከአሥር አራት ጊዜ ያህል ውሃው ህልማቸው ውስጥ ገብቶ ይገኝ ነበር። ለአንዱ ድንገተኛ ዝናብ፣ ለሌላው የሚያፈስ ጣሪያ ሆኖ። አሁን መቆጣጠሪያ ተገኘ ማለት ነው። ከዝናቡ በኋላ እስከ መንቃት ድረስ በህልም ያደረጉት ነገር በውን ቢደረግ ስንት ጊዜ ይፈጃል? ከውሃው እስከ መቀስቀሱ ካለፈው ጊዜ ጋር ተቀራረበ።

ከዚህ የሚበልጥ ማስረጃ ደግሞ አለ፤ እኔ በጣም የምወደው እሱን ነው። አንዳንድ ሰዎች እያለሙ መሆናቸውን እዚያው ህልሙ ውስጥ ያውቃሉ። ንቁ አላሚዎች እንበላቸው። በሬም ሰዓት ሰውነት ሽባ ቢሆንም ዓይን ግን ይንቀሳቀሳል። ስለዚህ አላሚው አስቀድሞ በተስማማው መሠረት ዓይኑን ግራ ቀኝ እያደረገ ከህልሙ ውስጥ ምልክት መላክ ይችላል። ይህ በመሣሪያ መጀመሪያ የተመዘገበው በ1975 በእንግሊዝ ነው፤ የመዘገበውም ኪት ኸርን ነው። ከዚያ በስታንፎርድ ስቲቨን ላበርጅ አላሚዎቹ ምልክት ሰጥተው አሥር ሰከንድ እንዲቆጥሩ፣ ሲጨርሱም እንደገና ምልክት እንዲሰጡ አደረገ። በህልም የተቆጠረው አሥር ሰከንድ በሰዓቱም አሥር ሰከንድ አካባቢ ሆኖ ተገኘ። ቆየት ብሎ ዳንኤል ኤርላኸርና ሚካኤል ሽሬድል ከቆጠራ አልፈው ቁጢጥ ብሎ መነሣትን ሞከሩ። በህልም ቁጢጥ ብሎ መነሣት በውን ከሚፈጀው ከ40 በመቶ በላይ የበለጠ ጊዜ ወሰደ። ልብ ይበሉ፤ ዘገየ እንጂ አልፈጠነም። ቪዲዮው ሃያ እጥፍ ፍጥነት ሲል መለኪያው ያሳየው ዝግታ ነው።

በ2021 ደግሞ በአሜሪካ፣ በፈረንሳይ፣ በጀርመንና በኔዘርላንድስ ያሉ አራት ቡድኖች ከንቁ አላሚዎች ጋር ተነጋገሩ። ቃል በቃል። ተኝቶ ለሚያልም ሰው «ስምንት ሲቀነስ ስድስት» ይሉታል፤ እሱ ዓይኑን ሁለት ጊዜ ግራ ቀኝ አድርጎ ይመልሳል። ድምፁ ለአንዳንዶቹ ከውጭ እንደሚመጣ ሆኖ ተሰማቸው፤ አንዱ ደግሞ ጥያቄው በህልሙ ውስጥ ካለ የመኪና ሬዲዮ ሲወጣ ሰማ። አሁን ያስቡት፤ ያ ሰው በሃያ እጥፍ ፍጥነት እየኖረ ቢሆን የጠያቂው ድምፅ ባትሪ እንዳለቀበት ቴፕ ተጎትቶ በደረሰው ነበር። አልሆነም። ሰማ፣ አሰበ፣ መለሰ።

ቪዲዮ ሠሪው ሃያ እጥፍን ከየት እንዳመጣው እገምታለሁ። አይጦች ቀን የሮጡበትን መንገድ ሌሊት በጥልቅ እንቅልፍ ጊዜ አእምሯቸው ይደግመዋል፤ ድግግሞሹም በእርግጥ በብዙ እጥፍ የተጨመቀ ነው። ይህ እውነት ነው። ግን ይህ የነርቭ ሴሎች የመተኮስ ቅደም ተከተል ነው፤ አይጧ ያን ጊዜ ሩጫውን ኖረችው ያለ የለም። በ2001 ኬንዌይ ሉዊና ማቲው ዊልሰን በሬም እንቅልፍ ሰዓት ያለውን ድግግሞሽ ሲለኩት ደግሞ በውን ከነበረው ፍጥነት ጋር የተቀራረበ ሆኖ አገኙት። በጥልቅ እንቅልፍ የታየውን ጭመቃ ወስዶ ለደማቅ ህልም መስጠት የሌላውን ሰው የደም ምርመራ ይዞ እንደመታከም ነው።

ታዲያ ሦስቱ ዓመት ከየት መጣ? ዋናው ጉዳይ እዚህ ጋ ነው።

አንድ ታካሚ ነበረኝ። «አርባ ዓመት ታስሬ ተፈታሁ» ብሎ እየተንቀጠቀጠ ነገረኝ። ወረቀት ሰጠሁትና አንድ ነገር ብቻ ጠየቅሁት። የሚያውቁትን አይጻፉ፣ ያዩትን ብቻ ይጻፉ አልኩት። መጀመሪያ ተናደደ። ከዚያ ጻፈ። የብረት በር ተዘጋ። ግድግዳ ላይ የፀሐይ ብርሃን አየሁ። አንድ ሰው ሳህን ገፋልኝ። መስታወት አየሁ፣ ፂሜ ነጭ ነው። በሩ ተከፈተ። አለቀ። አምስት ትዕይንት። ከዚያ ዓይኑን ጨፍኖ እያንዳንዱን ባየበት ፍጥነት እንዲያስታውሰው አደረግሁና ስቶፕዎች ያዝኩ። አራት ደቂቃ አልሞላም። አርባው ዓመት የት ሄደ? ፂሙ ውስጥ ነበር። ነጭ ፂም ሲያይ አርባ ዓመት እንዳለፈ አወቀ። ማወቅና መጠበቅ ይለያያሉ። እሱ አርባ ዓመት አልጠበቀም፤ አርባ ዓመት እንዳለፈ ተነገረው።

የእርስዎም ህልም በዚሁ መንገድ የተሠራ ነው። ሌላ ከተማ ሄድኩ አሉ። ሻንጣ ሲያዘጋጁ አይተዋል? መንገዱን? እገምታለሁ አላዩም፤ በቃ እዚያ ተገኙ። ልጅ ወለድኩ አሉ። ዘጠኙን ወር አንድ በአንድ ቆጥረዋል? ሌሊት በልቅሶዋ የተነሡበት ስንት ጊዜ ነው? ምናልባት አንዲት ሕፃን አየሁ፣ ልጄ መሆኗን አወቅሁ፣ ከዚያ ቆማ ስትራመድ አየሁ፤ ይኸው ነው። ህልም ከአንድ ትዕይንት ወደ ሌላው ይዘላል። በዝላዩ መካከል ያለውን ጊዜ ደግሞ አእምሮ በአንድ እርግጠኝነት ይሞላዋል፤ «ከዚያ ወዲህ ዓመት አልፏል» ይላል። ፊልም የሚያይ ሰው ይህን ያውቀዋል። ልጁ ኳስ ሲመታ ታየና በሚቀጥለው ሰከንድ ጎልማሳ ሆኖ በር ሲከፍት ታየ። ማንም «ሃያ ዓመት ሲኒማ ቤት ተቀመጥኩ» አይልም። ልዩነቱ በህልም ጊዜ ወንበር ላይ መቀመጥዎን የሚያስታውስዎት የለም።

የማያስታውስዎትም በምክንያት ነው። በሬም እንቅልፍ ጊዜ በግንባራችን ጀርባ ያለው፣ «ቆይ፣ ይህ እንዴት ይሆናል?» ብሎ የሚጠይቀው የአእምሮ ክፍል ሥራው ይቀዘቅዛል። ስሜትን የሚያነሣሣው ክፍል ግን ሞቅ ብሎ ይሠራል። ንቃትን የሚጠብቀው ኖራድሬናሊን የሚባለው ንጥረ ነገር ደግሞ በዚህ ሰዓት ወደ ባዶ ይጠጋል። ስለዚህ የሚመጣው ሁሉ ይታመናል። ሦስት ዓመት አለፈ ሲባል ሦስት ዓመት አለፈ። የት ዋልኩ፣ ደሞዝ ስንት ጊዜ ተቀበልኩ ብሎ የሚያጣራ ሠራተኛ እረፍት ላይ ነው።

ሌላም ነገር አለ። ያለፈን ጊዜ የምንለካው ከትውስታችን ብዛት ነው። ብዙ አዲስ ነገር የታየበት ቀን ወደኋላ ሲያዩት ረጅም ነው፤ ምንም ያልሆነበት ሳምንት ደግሞ ብን ብሎ ይጠፋል። ህልም ደግሞ ከአዲስ ነገር በቀር ምንም የለውም። በ2007 ዴቪድ ኢግልማንና ባልደረቦቹ ሰዎችን ከ31 ሜትር ከፍታ መረብ ላይ ጣሏቸው። ወዳቂዎቹ የራሳቸውን ውድቀት ከሌሎቹ ውድቀት ከሦስት እጅ አንድ እጅ በሚበልጥ አስረዝመው ገመቱት። ነገር ግን እጃቸው ላይ የታሰረው በፍጥነት የሚቀያየር ቁጥር ያለው መሣሪያ፣ በዚያች ሰዓት ዓይናቸው ከወትሮው የፈጠነ ነገር እንዳላየ አሳየ። ፍርሃቱ ሰዓቱን አላዘገየውም፤ ትዝታውን አደለበው። በውን እንዲህ ከሆነ በህልም ምን እንደሚሆን መገመት አይከብድም።

ከዚያ ደግሞ ትረካው ይመጣል። ህልም ቶሎ እልም ስለሚል ስንነቃ የምንይዘው ቁርጥራጭ ነው። ቁርጥራጩን ለሰው ስንነግር ክር እናስገባበታለን፤ «ከዚያ»፣ «ከጊዜ በኋላ»፣ «በመጨረሻ» እንላለን። ለእኔ ሲጽፉልኝ ራሱ «በትንሹ ሦስት ዓመት» አሉ። ይህ ቁጥር ህልሙ ውስጥ ነበር ወይስ ሲጽፉ ነው የመጣው? እውነቱን ይንገሩኝ ብል ብዙ ሰው ዝም ይላል። አይፈረድበትም፤ እኔም አንድ ጊዜ «የሁለት ቀን የባቡር ጉዞ» ያለምኩትን ስጽፈው መስኮትና አንድ ትኬት ቆራጭ ብቻ ነው ያገኘሁት።

ወደ ፈተናው ልምጣ። በህልም አዲስ ትምህርት መማር አይቻልም፤ መጽሐፉ እዚያ የለምና። በህልም ገጽ ያነበበ ሰው ዞር ብሎ እንደገና ሲያየው ብዙ ጊዜ ፊደሉ ተቀይሮ ያገኘዋል። አእምሮ የሌለውን ነገር አያስተምርም፤ ያለውን ያገላብጣል እንጂ። ንቁ አላሚዎች ላይ በ2010 የተሞከረ አንድ ነገር አለ። ሳንቲም ጽዋ ውስጥ መወርወርን በህልም እንዲለማመዱ ተደረገ። የተሳካላቸው ጥቂቶች ሲነሡ ተሻሽለው ተገኙ። ይህ ግን የእጅ ቅልጥፍና ነው፣ በትክክለኛ ሰዓት የተደረገ ነው፣ ከሞከሩትም ለብዙዎቹ ህልሙ ራሱ አልመጣላቸውም። ከዚህ ተነሥቶ «የወር ትምህርት በአንድ ሌሊት» ማለት ከሜዳ ተነሥቶ ሰማይ መንካት ነው።

እንቅልፍ ለጥናት የሚጠቅመው በሌላ መንገድ ነው። ቀን ያጠኑት ነገር ሌሊት ይደላደላል። ይህ የሚሆነው ያጠኑ እንደሆነና የሌሊቱን እንቅልፍ ሳይቆርጡ የተኙ እንደሆነ ነው። ንቁ ህልምን ለማምጣት የሚሰጠው መለማመጃ ግን አብዛኛው ከሌሊቱ መሃል በአላርም ተነሥቶ መልሶ መተኛትን ይጠይቃል። ለፈተና የሚዘጋጅ ሰው እንቅልፉን ለሁለት ሰንጥቆ በማግስቱ መጽሐፍ ላይ ሲያንጎላጅ ማየት ነው ትርፉ። ከጉጉት የተነሣ ለመርሳት በሽታ የሚታዘዝ ጋላንታሚን የሚባል መድኃኒት የሚውጡም አሉ። እባክዎ አይንኩት። የልብ ምትን ያዘገያል፣ ያቅለሸልሻል፣ ከሌሎች መድኃኒቶች ጋርም ይጋጫል።

ስለ እርጅናው አጭር ነው መልሴ፤ አያስረጅም። አእምሮ በሬም ሰዓት የሚፈጀው ኃይል ከነቃበት ሰዓት ጋር የሚቀራረብ ነው፤ ይህ ደግሞ በየሌሊቱ፣ በማንኛውም ሰው፣ ህልሙን ቢያስታውሰውም ባያስታውሰውም ይሆናል። ትላንትም ሆኗል። እርስዎ ብቻ አስታወሱት።

ለምን ሦስት ጊዜ በአንድ ወር? ምክንያቱን ራስዎ ጽፈውታል። ፈተና ደርሷል። እገምታለሁ አምሽተው እያጠኑ ነው፤ እንቅልፍ ሲያጥር ደግሞ የሚቆረጠው የንጋቱ ክፍል ነው፣ ያም በአብዛኛው ሬም ነው። ሰውነት የተቀማውን ሲያገኝ ያካክሳል። ያን ጊዜ ህልሙ ይደምቃል፣ ይበዛል። ስኑዙ ሲጨመርበት ደግሞ በ9 ደቂቃ ልዩነት ሁለት ጊዜ ከህልም መሃል ይነቃሉ። ከህልም መሃል የነቃ ሰው ህልሙን ይዞ ይነሣል። ስልክዎ ሳያውቁት የህልም መያዣ ወጥመድ ሆኖልዎታል።

አሁን ሐዘኑ። የልጅዎ ሦስት ዓመት አልነበረም ማለት ፍቅሩ አልነበረም ማለት አይደለም። ስሜት ዓመት አይፈልግም፤ በአንድ ትዕይንት ይነሣል። ያ ስሜት በእርግጥ በሰውነትዎ ውስጥ አልፏል፤ ልብዎ መትቷል፣ ሲነቁም ገና አልበረደም ነበር። ስለዚህ «ምን ሆኜ ነው፣ ለህልም ይለቀሳል እንዴ» ብለው ራስዎን አይውቀሱ። አብዛኛውን ጊዜ እስከ ማታ ይለቃል። አንድ ነገር ግን አያድርጉ፤ እሷን ፍለጋ ተመልሰው አይተኙ። እንዲህ ያደረጉ ሰዎች አይቻለሁ። ያው ህልም አይመጣም፤ የሚመጣው ከሰዓት በኋላ ድረስ አልጋ ላይ መቅረትና ማታ እንቅልፍ ማጣት ነው። ትርጉም ፍለጋ መሮጡንም አልመክርም። ሕፃን አዩ ማለት አእምሮዎ ሕፃን አሰበ ማለት ነው፤ ለምን እንደሆነ ከእኔ ይልቅ እርስዎ ያውቃሉ።

እስካሁን የነገሩኝ ነገር በሽታ አይመስልም። በጥቂት ሁኔታዎች ግን ሐሳቤን እቀይራለሁ። ካርሎስ ሼንክና ማርክ ማሆዋልድ በ1995 የገለጹት አንድ ችግር አለ። ሰዎቹ ሌሊቱን ሙሉ የማያባራ ረጅም ህልም ያልማሉ፣ ብዙ ጊዜም ተራ ነገር ነው፤ ሲሄዱ፣ ሲሠሩ፣ ሲያጸዱ ያድራሉ። ሲነሡ ሌሊቱን ሲሠራ ያደረ ሰው ያህል ደክመዋል። የእንቅልፍ ምርመራው በአብዛኛው ደህና ይላል፤ ድካማቸው ግን እውነት ነው። እርስዎም ከእንቅልፍ በኋላ በየቀኑ እንዲህ ከደከሙ ሐኪም ጋ ይሂዱ። የሚያንኮራፉና ትንፋሽዎ ቆረጥ የሚል ከሆነም እንዲሁ፤ በተደጋጋሚ የሚያነቃ ችግር ህልምን ያበዛዋል። ቀን በሥራ መሃል በድንገት እንቅልፍ ጥሎዎት ወዲያው ማለም ከጀመሩ፣ ወይም ስቀው ጉልበትዎ የሚከዳዎት ከሆነ ቀጠሮ ሳያዘገዩ ይያዙ። ዕድሜው ከሃምሳ ያለፈ ሰው ህልሙን እየተከተለ በእውን የሚራገጥና የሚማታ ከሆነ ደግሞ ለቀልድ የሚሆን ነገር አይደለም፤ የነርቭ ሐኪም ማየት አለበት። ዱካክ ተጭኖኝ ለሰዓታት መንቀሳቀስ አቃተኝ የሚሉኝም አሉ። እሱም በሰዓት ሲለካ ከሰከንዶች እስከ ጥቂት ደቂቃ ነው፤ ፍርሃቱ ነው የሚያስረዝመው።

መድኃኒት ጉዳዩ ውስጥ ካለበትም ይንገሩኝ። አንዳንድ የድብርትና የደም ግፊት መድኃኒቶች፣ ሜፍሎኪን የተባለው የወባ መድኃኒት፣ ማጨስ ለማቆም የሚለጠፈው የኒኮቲን ፕላስተር ህልምን ያደምቃሉ። መጠጥ ለረጅም ጊዜ ጠጥተው ያቆሙ ሰዎችም የህልም ጎርፍ ይገጥማቸዋል። በዚህ ምክንያት መድኃኒት በራስዎ እጅ አያቁሙ፤ ካዘዘልዎት ሐኪም ጋር ይነጋገሩ። ከሁሉ በላይ የህልሙ ትዝታ ከውኑ ጋር እየተምታታ «ይህን ነገር በእርግጥ አድርጌዋለሁ ወይስ አልሜዋለሁ?» እያሉ ሰው መጠየቅ ከጀመሩ አይጠብቁ።

አሁን የሚያደርጉትን ልንገርዎት። ለሁለት ሳምንት ስኑዝ የሚባል ነገር ይርሱ። አላርሙን 12 ሰዓት ተኩል ላይ ሞልተው በ12 ሰዓት ከ40 የሚነሡ ከሆነ በ12 ከ40 ይሙሉት፤ አሥሯን ደቂቃ ሳትቆራረጥ ይተኙባት። ማታ ከወትሮው በግማሽ ሰዓት ቀድመው ይተኙ፤ ለፈተናው ከቪዲዮው ይልቅ ይህ ይጠቅምዎታል። ረጅም ህልም ከመጣ እንደ ታካሚዬ ያድርጉ። ወረቀት ይያዙና ያወቁትን ትተው ያዩትን ብቻ ይጻፉ። ከዚያ ዓይንዎን ጨፍነው ትዕይንቶቹን በልካቸው እያስታወሱ ሰዓት ይያዙ። የመጀመሪያውን ሦስት ዓመት እንዲህ ቢለኩት ከአምስት ደቂቃ የሚያልፍ አይመስለኝም። በሁለት ሳምንት ካልቀነሰ ወይም ድካም ከተጨመረበት ወረቀቶቹን ይዘው ሐኪም ዘንድ ይቅረቡ፤ «ብዙ አልማለሁ» ከማለት እነሱ የተሻለ ይናገራሉ።

ስቶፕዎቹ ስልክዎ ላይ አለ። ስልኩ ግን ሌሊት ከአልጋው እጅ በማይደርስበት ቦታ ይቀመጥ፤ ለማጥፋት መነሣት የግድ ይሁንብዎት።